መርዶ ይዤ ወደ ሃይፋ

ከሃይፋ ከተመለስኩ ወዲህ፣ የመምህራን ክበባችን ሻይ አፍይ ሳይቀር የሚጠይቀኝ አንድ ነገር ብቻ ነው፤ «ኢየሩሳሌምን ተሳለምክ?» አልተሳለምኩም። ሰባት ቀን እዚያ አገር ቆይቼ ኢየሩሳሌምን ያየኋት በመንገድ ምልክት ላይ ብቻ ነው። ይህን ስል ሰው ሁሉ ሠርግ ቤት ገብቶ ሳይበላ እንደ ወጣ ሞኝ ያየኛል። ስለዚህ አንዴ ልጻፈውና ልገላገል። ሃይፋን የማየት ዕድል የማይገጥማችሁ ከእኔ ጋር ደርሳችሁ እንደመጣችሁ ቁጠሩት።

የምኖረው ጎንደር ነው። የማስተምረው፣ ቋንቋዎች በአንድ ከተማ፣ በአንድ ቤት፣ አንዳንዴም በአንድ ሰው አፍ ውስጥ ሲገናኙ እንዴት እንደሚስማሙና እንዴት እንደሚጣሉ ነው። ሃይፋ ላይ በዚሁ ጉዳይ አነስተኛ ጉባኤ ይደረግ ነበርና ተጠራሁ። ጥሪው ሲመጣ እናቴ በሕይወት ነበረች። «እታገኝን ታይልኛለህ!» ብላ ከእኔ በላይ ፈነደቀች። እታገኝ ታላቅ እህቴ ናት። የባሏ አያቶች ቤተ እስራኤል ስለነበሩ፣ ከአሥራ አምስት ዓመት በፊት ባሏን ተከትላ፣ የስድስት ዓመት ልጇን ይዛ ሄደች። እምነቱን እዚያ ተቀበለች፤ አሁን ሃይፋ፣ ኔቬ ዮሴፍ በሚባል ዳገታማ ሰፈር ትኖራለች።

ጉዞዬ አምስት ሳምንት ሲቀረው እናታችን አረፈች።

ቀብሩን ጨርሰን ለእህቴ ባል ለእንዳለው ደወልኩ። ስልኩ ውስጥ ሲያለቅስ ቆየና «በስልክ እንዳትነግሯት» አለኝ። «አንተ ራስህ ትመጣ የለም እንዴ? ሰው ተሰብስቦ፣ በማለዳ፣ እንደ ወጉ ትረዳ።» እኔም የመርዶን ወግ ስለማውቅ ተስማማሁ። እህቴ ግን በየዓርቡ እናቷ ጋ ትደውላለች። ምን እንበላት? «እማዬ ጸበል ገብታለች፤ ቦታው ኔትወርክ የለውም» አልናት። አገራችን ውስጥ ስንት ሟች በዚህ ዓይነት ጸበል ገብቶ እንደቆየ እግዜር ይወቀው።

ማክሰኞ ከአዘዞ አውሮፕላን ማረፊያ ተነሳሁ። ሻንጣዬ ውስጥ የጉባኤው ጽሑፍና የበርበሬ ከረጢት አሉ። እናቴ ወደ ሃይፋ የሚሄድ ሰው ባገኘች ቁጥር በአቡጀዲ ከረጢት በርበሬ ትልክ ነበር፤ አፉን በቀይ ክር ትሰፋዋለች። ያለ ከረጢት ብሄድ እህቴ ወዲያው እንደምትጠረጥር ስለገባን፣ በርበሬውን ባለቤቴ አስናቀች አዘጋጀች። ክሩን ቀይ አደረገች፤ ስፌቱንም የእናቴን አስመስላ ጠቀጠቀችው። «እንኳን እታገኝ፣ ራሳቸው እማማ ቢነሱ አይለዩትም» አለችና በተናገረችው ደንግጣ አፏን ያዘች።

ረቡዕ ሊነጋጋ ሲል አውሮፕላናችን እዚያ አገር አረፈ። ጉምሩኩ ላይ አንድ ወጣት ከረጢቱን አንስቶ ገለባበጠውና «ማን ነው የሰጠህ?» አለኝ። «እናቴ» አልኩት። ለመለማመድ ይሁን ከልማድ እስካሁን አላወቅኩም። ልጁ ፈገግ ብሎ አሳለፈኝ።

ባቡሩ ባሕሩን በግራ እያደረገ ወደ ሰሜን ይሄዳል። እህቴ «የመጀመሪያውን ሃይፋ እንዳትወርድ፤ ከተራራው ወዲያ ያለው፣ ሰላጤው ጋ ያለው ነው» ብላ ሦስት ጊዜ ነግራኛለች። «ሃይፋ» የሚል ጽሑፍ ገና ሳይ ዘልዬ ወረድኩ። ከአዘዞ ፒያሳ ለመሄድ ተነስቶ ከጎንደር ውጭ ኮሶዬ ገደል ላይ እንደመገኘት ነው። የምችለው ዕብራይስጥ ደግሞ ከመጽሐፍ የተማርኩት ነው፤ የነቢያት ዓይነት። ባለ ጎማ ዘንቢል የምትጎትት አሮጊት ሩሲያዊት አገኘሁና ስለ አውቶቡስ ጠየቅኳት። ምን እንዳልኳት እንጃ፤ ዘንቢሏን ለቃ ሳቀች። ከዚያ እጄን እንደ ሕፃን ልጅ ይዛ አውቶቡስ ላይ አወጣችኝ። ሾፌሩ ዓረብ ነው። በስልኩ በዓረብኛ እያወራ፣ ለአሮጊቷ በዕብራይስጥ ይመልስላታል፤ እሷ ደግሞ በሩሲያኛ ታጉረመርማለች። አንድ ጎንደሬ ተራራ ለማሻገር ሦስት ቋንቋ ፈጀ። በማስታወሻዬ ጻፍኩት፤ ለማስተምርበት ክፍል ይሆነኛል ብዬ።

እታገኝ ፌርማታው ላይ ቆማ ስትጠብቀኝ አገኘኋት። ጸጉሯ ሸብቷል። አቅፋኝ ትከሻዬ ላይ ቆየችና የመጀመሪያ ጥያቄዋ የፈራሁት ሆነ።

«እማዬስ?»

«ደህና ናት፤ ጸበሉን አልጨረሰችም» አልኩ ወደ ባሕሩ እያየሁ።

ቤቷ ሦስተኛ ፎቅ ነው። በረንዳው ላይ ዕፅ የተተከለባቸው የቀለም ቆርቆሮዎች ተደርድረዋል፤ ከሥር የሃይፋ ወደብ ክሬኖቹን አቁሞ ይታያል። እሷ እዚያ መጋዘን ውስጥ ነው የምትሠራው። ሽሮ በፒታ ዳቦ አቀረበችልኝ፤ ጎንደር ላይ ይህን ባደርግ እናቴ በማማሰያ ትመታኝ ነበር። ማቀዝቀዣው በር ላይ አንድ ወረቀት ተለጥፏል። «የመስከረም ፈቃዴ ነው» አለች። «ተፈርሞልኛል። ዘንድሮ እማዬን ሳላያት አልውልም፤ ቤሰደር?» ቤሰደር እዚያ ቤት በየዐረፍተ ነገሩ ጫፍ የሚቀመጥ ቃል ነው፤ «እሺ» እንደማለት። እኔም «ቤሰደር» አልኩ።

ከዚያ ከረጢቱን ሰጠኋት። ቀዩን ክር በመቀስ ቆረጠች፤ እጇን አስገባች፤ እስከ ታች ድረስ ሰደደችው። መዳፏን አውጥታ አሸተተች። ትንሽ ቆይታ «አስናቀች ደህና ናት?» አለችኝ።

«ደህና ናት።»

«በርበሬው ጥሩ ነው» ብላ ወደ በርበሬ ጣሳዋ ገለበጠችው። እኔና እንዳለው ተያይተን በረጅሙ ተነፈስን። የአስናቀች ስፌት አለፈ አልኩ በልቤ።

ሐሙስ ጉባኤው ነበር፣ ካርሜል ተራራ አናት ላይ። አዳራሹ ውስጥ ስለ ዓረብኛና ዕብራይስጥ፣ ስለ ሩሲያኛ፣ ስለ አማርኛም ተወራ፤ የትኛው ሰሌዳ ላይ ይጻፍ፣ የትኛው ክፍል ውስጥ ይከልከል፣ ማን የማንን ይማር። አንዳንዱ ተቆጥቶ ተናገረ፤ ቋንቋው የተነካበት ሰው ቁጣው ያው ነው፣ ጎንደርም ሃይፋም። እኔ ያቀረብኩት በየቤቱ የምጠይቃቸውን ጥያቄዎች ነው፤ በምን ቋንቋ ትቆጥራለህ፣ በምን ትቆጣለህ፣ በምን ትጸልያለህ፣ በምን ታለቅሳለህ። ስጨርስ አንዲት የሃይፋ ዓረብ አስተማሪ እጇን አወጣች። «ክፉ ወሬስ? እናትና ልጅ ቋንቋቸው ሲለያይ ክፉ ወሬ የሚነገረው በማን ቋንቋ ነው?» አለች። እዚያ ያለ ሰው ሁሉ ሚስጥሬን ያወቀብኝ መሰለኝ። «አላጠናሁትም» ብዬ ወረድኩ።

ሲመሽ እህቴ ከሥራ ገብታ እግሯን ውሃ ውስጥ ነክራ ሳለ «ያንን ጥያቄህን እኔን አትጠይቀኝም?» አለች። ወረቀቱን አወጣሁ።

«በምን ትቆጥሪያለሽ?»

«በዕብራይስጥ። ሳጥን ነው የምቆጥረው፤ በአማርኛ ከቆጠርኩ ይሳሳትብኛል።»

«በምን ትቆጫለሽ?»

«ሺራን በአማርኛ። አለቃዬን በዕብራይስጥ፣ ያውም በልቤ።»

«በምን ትጸልያለሽ?»

«መጽሐፉ በዕብራይስጥ ነው። ልመናው ግን የእማዬ ነው፤ በአማርኛ።»

«በምን ታለቅሻለሽ?»

እግሯን ከውሃው አውጥታ በፎጣ ማድረቅ ጀመረች። «እሱን ባዶ ተወው» አለች። «ሲደርስ ትሞላዋለህ።»

ዓርብ ጠዋት እንዳለው ወደ ክርያት ሐይም ላከኝ። መርዶ የሚያረዱት ሽማግሌ አባ ደስታ እዚያ ናቸው። መርዶ ነጋሪ ሆኖ ደስታ መባል ምን ዓይነት ዕጣ ነው! መንገዱን የምታሳየኝ የእህቴ ልጅ ሺራ ነበረች። ሃያ አንድ ዓመቷ ነው፤ ወታደርነቷን ጨርሳለች። እናቷ በአማርኛ ታወራታለች፣ እሷ በዕብራይስጥ ትመልሳለች፤ እንዲያ ሆነው አንድ ቀን ሳይግባቡ አይውሉም፣ አንድ ቀንም ሳይጣሉ አይውሉም። እኔን «ዶድ መላኩ» ትለኛለች፤ አጎቴ ማለቷ ነው። «አንተ» ስትለኝ መጀመሪያ ደነገጥኩ፤ በሁለተኛው ቀን ግን የቤት ልጅ የሆንኩ መሰለኝና ወደድኩት።

ባቡሩ ውስጥ ስልኳን አወጣችና አንድ ፎቶ አሳየችኝ። የእናቴ ቀብር ነው። የአጎቴ ልጅ የለጠፈው።

«ዶድ፣ እኔ አውቃለሁ። ሳቭታ፣ አያቴ፣ ሞታለች። አባባ ዝም በይ አለኝ፤ ዝም አልኩ። ግን ይሄ ሸቀር ነው፤ ውሸት! እማማ በየቀኑ ስለ መስከረም ታወራለች፤ አንተ ደሞ ቤሰደር፣ ቤሰደር ትላታለህ። ላማ? ለምን? ትልቅ ሰው ኮ ናት።»

ሃያ ዓመት ሙሉ ወጣቶች የወላጆቻቸውን ወግ ሲተዉ ምን እንደሚጠፋ አስተምሬአለሁ፤ ይቺ ልጅ ግን ወጉ ሲጠበቅ ምን እንደሚያሳምም አሳየችኝ።

አባ ደስታ ከባሕሩ አጠገብ ባለ አነስተኛ ቤት ለብቻቸው ይኖራሉ። ብርቱካን ልጠው በሳሕን አቀረቡልን፤ ካልበላችሁ አላወራም አሉ። ነገሩን ስነግራቸው አንገታቸውን ደፍተው ሰሙኝ።

«ዛሬ ዓርብ ነው፤ ሻባት፣ የቅዳሜው ሰንበት፣ ሊገባ ነው። በሻባት ለቅሶ የለም። እሑድ፣ ሳይነጋ እመጣለሁ» አሉ።

ሺራ አላስቻላትም። «አባ ደስታ፣ ለምን አሁን በስልክ አትነግራትም?»

ሽማግሌው «አትነግራትም» መባላቸውን እንዳልሰሙ ሆነው ፈገግ አሉላት። «ስሚ ልጄ፤ አንዲት ሴት እዚሁ አገር አውቶቡስ ውስጥ ሳለች በስልክ ወንድምሽ ሞተ አሏት። ብድግ ብላ ጮኸች። አውቶቡሱ ጢም ብሎ ሞልቷል። ሾፌሩ አመማት ብሎ አምቡላንስ ጠራ። ሁሉም ደግ ነበሩ፤ ውሃ የሰጣት አለ፣ ወንበር የለቀቀላት አለ። ግን አብሯት የሚያለቅስ አልነበረም። እናትሽ ወደብ ላይ ሳጥን ስትቆጥር ብትሰማው ማን ይይዛታል?»

ሺራ የብርቱካኑን ሳሕን ወደ ሽማግሌው ገፋ አደረገች። ከዚያ በቀስታ «ሳቭታ ኮ ክርስቲያን ነበረች። እማማ ሰባቱን የሐዘን ቀን መቀመጥ ትችላለች?» አለች።

«እናቷ አይደለችም እንዴ?» አሉ አባ ደስታ። «ትቀመጣለች። እኔም አብሬ እቀመጣለሁ።»

ስንሰናበት የተረፈውን ብርቱካን በፌስታል አድርገው አስያዙን። ፌስታሉን እስከ ኔቬ ዮሴፍ ድረስ ሺራ ያዘችልኝ።

ቅዳሜ ከተማው ዝም አለ። ወደቡ ብቻ ከሩቅ ያጉረመርማል። እታገኝ ሁለት ወንበር በረንዳው ላይ አወጣችና «ስለ እማዬ አውራኝ» አለች።

«ምን ላውራሽ?»

«ሁሉንም። ጠዋት ስትነሳ ምን ታደርጋለች?»

አወራሁላት። ሬዲዮ ከፍታ ዜና አንባቢውን እንደምትሰድበው፣ «ውሸትህን ነው!» እያለች። ስኳር በዛባት ከተባለ ወዲህ ስኳሩን ከራሷ ደብቃ፣ ያስቀመጠችበትን ረስታ እኛን እንደምትከስ። የጎረቤቷን በግ በጎረቤቷ ስም እንደምትጠራውና ጎረቤቷ እንደምትቀየማት። እህቴ እንባዋ እስኪወርድ ሳቀች። የምናገረው ሁሉ እውነት ነው፤ ጊዜው ብቻ ነው ያለፈው። ስናገር እኔም ረሳሁት። እናቴ ያን ቀን ጎንደር ላይ ተቀምጣ ሬዲዮ የምትሰድብ መሰለኝ፤ ናፍቆቷ ደረቴን ሞላው።

«ድምጿን አስመስለህ ጥራኝ» አለች እህቴ።

«ተይ እትዬ።»

«ጥራኝ።»

ድምፄን አቅጥኜ፣ እናቴ ከጓሮ እንደምትጣራው «አንቺ እታገኝ! ኧረ አንቺ ልጅ! ወጡ አረረ!» አልኩ። ዓይኗን ጨፍና ሰማችኝ።

«ድገመው።»

ደገምኩት። ስንት ጊዜ እንዳስደገመችኝ አልቆጠርኩም። ሺራ በሩ ላይ ቆማ ታየን ነበር። ዞራ ገባች።

እሑድ ገና ወገግ ሳይል አባ ደስታና ሦስት ጎረቤት ሴቶች ከፎቁ ሥር ተሰበሰቡ። እዚያ እሑድ የሥራ ቀን ነውና፣ እታገኝ ለጠዋት ሥራ ከመውጣቷ በፊት ልንደርስባት ነው። እንዳለው ቀድሞን ወርዶ ነበር፤ ተያይዘን ደረጃውን በጣታችን ቆመን ወጣን። አባ ደስታ ለማንኳኳት እጃቸውን ሲያነሱ በሩ ገርበብ ብሎ አገኙት።

ሳሎኑ ውስጥ ወንበሮች በግድግዳው ዙሪያ ተደርድረዋል። እህቴ መሐል ላይ ተቀምጣለች፤ ነጠላዋን እንደ ሐዘንተኛ ጥለቱን ወደ ላይ አድርጋ ለብሳለች።

«ግቡ» አለች። «ቆማችሁ አትቅሩ።»

እንዳለው ወደ ሺራ ዞረ። ልጅቷ ከመኝታ ክፍሏ እየወጣች «እኔ አይደለሁም!» ብላ ጮኸች።

«ማን ነገረሽ ልጄ?» አሉ አባ ደስታ።

«ማንም አልነገረኝም» አለች እታገኝ። «እማዬ ከረጢቱን ከመስፋቷ በፊት ከላይ አንድ እፍኝ ደረቅ ጤና አዳም ታደርግበት ነበር። አንድም ጊዜ ቀርቶባት አያውቅም። ስከፍተው ቤቱ ሁሉ እሷን እሷን ይሸታል። ረቡዕ እጄን እስከ ታች ሰደድኩ። የለም።»

«እትዬ፣ ታዲያ ለምን ዝም አልሽ?» አልኩ።

«ምን ልበል? ሳልረዳ እንዴት ብዬ ላልቅስ? ብቻዬን ጥግ ይዤ? ሐሙስ ስብሰባህ ነበር፤ አሥራ አምስት ዓመት ቆይተህ መጥተህ ሥራህን አላበላሽብህም። ዓርብ ሻባት ገባ። ቅዳሜን ደግሞ...» ፊቷን ወደ በረንዳው አዞረች። «ቅዳሜን ለራሴ ፈለግኩት። አንተ ስታወራት በሕይወት አለች። እስኪነግሩኝ ድረስ አለች።» ከዚያ ወደ ሽማግሌው ዞራ «አሁን ንገሩኝ፤ እንደ ወጉ» አለች።

አባ ደስታ በዱላቸው ተደግፈው ቆሙ። «እታገኝ ልጄ፣ እናትሽ ወይዘሮ ጥሩነሽ አርፈዋል። እግዚአብሔር ያጽናሽ» አሉ።

አምስት ቀን ሙሉ የምታውቀውን ነገር ያን ጊዜ የሰማችው ይመስል ከወንበሩ ተነስታ ወደቀች። ደረቷን እየመታች «እማዬ፣ ስትጠሪኝ ሳጥን ስቆጥር! እማዬ፣ ስትጠሪኝ ባሕር ማዶ!» ስትል ጎረቤቶቹ ሙሾውን ተቀበሏት። መሬት ሳትነካ ከኋላ አቅፋ የያዘቻት ሺራ ናት፤ ጉንጯን የእናቷ ጀርባ ላይ ለጥፋ። «ዶድ፣ ምን እያለች ነው?» ትለኛለች፤ የሙሾ አማርኛ አታውቅምና፣ ደጋግማ። ሥራዬ ይኸው ነው፤ የአንዱን ቋንቋ ለሌላው መንገር። አንዲት ቃል መመለስ አቃተኝ። ጎንደር ላይ ቀብር አስፈጻሚ ሆኜ፣ ውሸት ፈጣሪ ሆኜ ያላለቀስኩትን ሁሉ እዚያ አለቀስኩ። ሺራም መጠየቋን ትታ የሴቶቹን ዜማ እየተከተለች አብራቸው ታለቅስ ጀመር።

ሰኞ ቤቱ በሰው ተሞላ። ሰው ሁሉ ምግብ ይዞ ይመጣል፤ እኛ ጋ ቡናና ቆሎ የሚያዞረው ሐዘንተኛው ቤት ነው፣ እዚያ እህቴ ከወንበሯ እንድትነሳ አልፈቀዱላትም። ወደቡ ላይ አብራት የምትሠራ ዓረብ ሴት ቴምር ይዛ መጣች። አማርኛ አትችልም፤ የእህቴ ዕብራይስጥ ደግሞ ያን ቀን ጠፍቶባታል። የእህቴን እጅ ይዛ ሰዓት ሙሉ ተቀመጠች። ሺራ የመስከረሙን ወረቀት ከማቀዝቀዣው ላይ ልታነሳ ስትል እናቷ አየቻት። «ተይው። መቃብሯ ጋ እሄድበታለሁ» አለች።

ማክሰኞ ስሰናበት ከወንበሯ ሳትነሳ ከረጢቱን ሰጠችኝ። ታጥቦ፣ የሆነ ነገር ተሞልቶበት፣ አፉ በቀይ ክር ተሰፍቷል። «ለአስናቀች ነው። እስክትደርስ እንዳትከፍተው» አለች። ሺራ ባቡር ጣቢያው ድረስ ሸኘችኝ። ትክክለኛው ጣቢያ እስክገባ ድረስ እጄን አልለቀቀችም።

አዲስ አበባ ጉምሩክ ላይ ሠራተኛዋ ከረጢቱን ጫን ጫን አድርጋ «ከማን ነው?» አለችኝ። «ከእህቴ» አልኳት። ሳልዋሽ መመለስ እንዴት እንደሚያቀል ረስቼው ነበር።

የጥያቄ ወረቀቷ አሁን ጠረጴዛዬ ላይ ነው፤ ሦስቱ ተሞልተዋል፣ አራተኛው ባዶ ነው። ምን ብዬ እንደምሞላው አውቃለሁ፤ እጄ ግን እምቢ ብሎኛል።

የገባሁ ዕለት አስናቀች ክሩን በጥርሷ በጥሳ እጇን አስገባች። ከሥር ቴምር ነበር። ከላይ ግን አንድ እፍኝ ደረቅ ጤና አዳም አለ። እናቴ በየጊዜው ከላከችው ላይ የረገፈውን ፍሬ እህቴ በረንዳዋ ላይ ባለው የቀለም ቆርቆሮ ዘርታ ያበቀለችው ነው። ሰባት ቀን ሙሉ አጠገቡ ተቀምጬ አላወቅኩትም። ሽታው ከሳሎኑ አልፎ ጓሮ ደረሰ፤ ልጆቼ ከውጭ እየሮጡ ገቡና ትንሿ «አያቴ መጣች እንዴ?» አለች።